የቻርሊ ጣሳና የእኛ ካሴት

የመጀመሪያ ፊልማችን ላይ ሰርግ ተቀርጾበታል።

ፊልሙን የሠራነው አዳሚ ቱሉ ላይ፣ በአንድ ቅዳሜ፣ ከጠዋት እስከ ማታ ነው። አራት ነበርን፤ ማናችንም ሃያ አልሞላንም። አንዳችን ከታላቅ ወንድሙ ተበደረ፣ ሁለታችን ከዝዋይ ቆሮሶ እያመጣን ሸጥን፣ አራተኛው ግን ድርሻውን ከየት እንዳመጣው እስካሁን አልነገረንም። ታሪኩ አጭር ነው። ፈረሱ የጠፋበት ባለጋሪ ራሱን ጋሪው ላይ ጠምዶ ሥራ ይወጣል። ተሳፋሪ ያገኛል። ተሳፋሪው ፈረሱን የሰረቀው ሌባ ነው።

ካሜራውን ከነሰውየው የተከራየነው ከሰርግ ቀራጭ ነበር። ካሴቱም የእሱ ነው፤ ይህንን ያኔ ከቁም ነገር አልቆጠርነውም። በሳምንቱ የሠራነውን ልናይ ስንሄድ ካሴቱን ከተተልን። ቴሌቪዥኑ ላይ አንዲት ሙሽራ ኬክ ስትቆርስ ታየች።

«ይኼ እኮ ሰርግ ነው» አልነው።

«አዎ፤ የእሁዱ ነው።»

«የእኛስ?»

ትንሽ አሰብ አደረገና «ከሥር ነው» አለን።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ከአራታችን አንዱ የሆነ ነገር ሲጠፋበት፣ ሥራም ይሁን ስልክ ወይም ፍቅረኛ፣ የቀረነው «አይዞህ፤ ከሥር ነው» እንለዋለን።

ይህን የቆየ ቁስል አሁን ያነሳሳነው ያለ ምክንያት አይደለም። አዳማ ላይ አንድ ባለገንዘብ አግኝተናል። አስቂኝ ተከታታይ እንድንሠራ ብር ሊያወጣ ፈቅዶ ሦስት ገጽ ውል ሰጥቶናል። ሁለተኛው ገጽ ላይ አንዲት አንቀጽ አለች፤ የተቀረጸው ምስል በሙሉ፣ የተቀናበረውም ያልተቀናበረውም፣ የእሱ ንብረት ሆኖ እሱ ዘንድ ይቀመጣል ትላለች። ሁለታችን እንፈርም እንላለን፤ ሁለታችን ደግሞ እጃችን ይቆረጣል እንጂ አንፈርምም ብለናል። ክርክሩ ከተጀመረ ሁለት ሳምንት አለፈው። የሚገርመው ግን ሁለቱም ወገን በምስክርነት የሚጠራው አንድ የሞተ ሰውዬን መሆኑ ነው፤ ቻርሊ ቻፕሊንን። ስለዚህ ሰሞኑን ቁጭ ብለን የሰውየውን ሕይወት ከሥር ከመሠረቱ ስናነብ ከረምን።

ከቻርሊ ጋር የተዋወቅነው እዚያው አዳሚ ቱሉ ነው። አዳሚ ቱሉን አናውቃትም የምትሉ ታውቋታላችሁ። ከአዲስ አበባ ወደ ሐዋሳ ስትወርዱ፣ ዝዋይን (ባቱን) አልፋችሁ እንቅልፍ ሊጥላችሁ ሲል መስኮታችሁን ታክካ የምታልፈው ከተማ ናት። ስሟ በኦሮምኛ የቁልቋል ኮረብታ ማለት ነው። ቪዲዮ ቤታችን ግድግዳው ማዳበሪያ ከረጢት፣ መቀመጫው አጣና፣ መግቢያው 50 ሳንቲም ነበር። የሚታየው ወይ የህንድ ፊልም ነው ወይ ቫንዳም ነው።

አንድ የገበያ ቀን ማታ የህንዱ ካሴት ከዝዋይ ሳይመጣ ቀረ። የቤቱ ባለቤት ገንዘባችንን ላለመመለስ ሲል ከሣጥን ሥር አቧራ የጠጣ ካሴት አውጥቶ ከተተ። ጥቁርና ነጭ ነው፤ ንግግር የለውም። ሕዝቡ ለማፏጨት ሲዘጋጅ ቆብ ያጠለቀ አጭር ሰውዬ ጫማ ቀቅሎ ገበታ ላይ አቀረበ።

ፊልሙ በ1925 የወጣው «ዘ ጎልድ ራሽ» መሆኑን ያወቅነው ከዓመታት በኋላ ነው። (ዓ.ም. ካላልን በቀር የምንጠቅሰው ዘመን በሙሉ የፈረንጅ ነው።) ወርቅ ፍለጋ አላስካ የወጣ ምስኪን በበረዶ ተከብቦ ጎጆ ውስጥ ይራባል። ጫማውን ይቀቅላል። ከዚያ ምን አለፋችሁ፣ እንደ ትልቅ ሆቴል ደንበኛ ያጣጥመዋል። ማሰሪያውን እንደ ፓስታ በሹካ ይጠቀልላል፤ ምስማሩን እንደ ዶሮ አጥንት እየመጠጠ ይግጣል። (ጫማው ከጥቁር ከረሜላ የተሠራ ነበር አሉ።) በዚያች ክፍል ውስጥ ኦሮምኛ፣ አማርኛና ጉራጊኛ ይነገራል፤ ከሐይቁ ደሴቶች ለገበያ የመጡት ደግሞ ዛይኛ ይናገራሉ። በሌላ ቀን አንዱ ሲስቅ ሌላው «ምን አለ? ምን አለ?» እያለ ይነዘንዛል። ያን ማታ ማንም ማንንም አልጠየቀም።

ከበሩ አጠገብ ለከብት ገበያ የመጡ አንድ ሽማግሌ ቆመው ነበር። እሳቸው አልሳቁም። ሳቁ ጋብ ሲል በኦሮምኛ «ምኑ ነው የሚያስቃችሁ? ሰውየው እኮ ርቦታል» አሉ። ቤቱ ጸጥ አለ። ትንሽ ቆይተው ራሳቸው ቀድመው ሳቁ።

ሽማግሌው ልክ ነበሩ። ቻፕሊን የፊልሙን ሐሳብ ካገኘባቸው ነገሮች አንዱ ወደ ካሊፎርኒያ ሲሰደዱ በረዶ ተራራ ላይ ተይዘው በረሃብ ያለቁ መንገደኞች ታሪክ ነው። ረሃቡን ደግሞ ከመጽሐፍ ብቻ አልነበረም የሚያውቀው። በ1889 ለንደን ተወለደ፤ አባትና እናቱ የመድረክ ዘፋኞች ነበሩ። አባቱን መጠጥ ወሰደው። እናቱ አእምሮዋ ታመመ። በሰባት ዓመቱ የድሆች መጠለያ ገባ። መድረክ ላይ የወጣው ገና በአምስት ዓመቱ ነው፤ እሱ እንደጻፈው የእናቱ ድምፅ መድረክ ላይ ተሰብሮ ሕዝቡ ሲጮህባት እሱ ወጥቶ ዘፈነላቸው፤ ሳንቲም ሲወረውሩለት ዘፈኑን አቋርጦ መልቀም ጀመረ። ሕዝቡ ፈነዳ። የመጀመሪያ ሳቁን ያገኘው እናቱ የመጨረሻ ድምፅዋን ባጣችበት መድረክ ላይ ነው።

ስለ ደመወዙ ብዙ አንቆይም፤ ይህ ክፍል «እንፈርም» የምንለው ሁለታችን የምንወደው ነው። በ1914 ኪስቶን በሚባለው ኩባንያ ሥራ ሲጀምር በሳምንት 150 ዶላር ይከፈለው ነበር። በዓመቱ ኤሳኔይ 1,250 አደረገለት። በ1916 ሚውችዋል የተባለው ኩባንያ በሳምንት 10,000 ዶላር ፈረመለት። ገና 27 አልሞላውም። «አያችሁ?» ይላል የእንፈርም ቡድን፤ «ሰውየው ራሱ ተቀጥሮ ነው ያደገው። መጀመሪያ ይፈረማል፤ ነፃነት ኋላ ይመጣል።»

አባባሉ ውሸት አይደለም። ግን ኤሳኔይ ምን እንዳደረገው ደግሞ ስሙ። በ1915 በካርመን ታሪክ ላይ የሚቀልድ ባለ ሁለት ጥቅልል ፊልም ሠራላቸው። እሱ ኩባንያውን ለቅቆ ሲሄድ፣ ቆርጦ የጣለውን ምስል ሁሉ ሰብስበው፣ ሌላ ሰው የተቀረጸበትንም ጨምረው አራት ጥቅልል አድርገው አወጡት። ከሰሰ። ተረታ። ፊልሙ የእነሱ ነበርና። ንዴቱ ሁለት ቀን አልጋ ላይ እንደጣለው ጽፏል። ከዚያ በኋላ በፈረመው ውል ሁሉ ያለቀ ሥራው እንዳይቆረጥ፣ እንዳይቀጠል የሚል አንቀጽ አስገብቷል። ይቺን ስናነብ ሁለተኛ ገጻችንን አወጣንና ዝም ብለን ተያየን።

በ1918 መጀመሪያ ሆሊውድ ውስጥ የራሱ ስቱዲዮ አለቀለት። በ1919 ደግሞ ሜሪ ፒክፎርድን፣ ዳግላስ ፌርባንክስንና ዲ. ደብሊው. ግሪፊዝን ይዞ ዩናይትድ አርቲስትስን መሠረቱ፤ ፊልም የሚሠሩ ሰዎች ፊልማቸውን ራሳቸው ሊያከፋፍሉ። ጣሳው የሚመጣው እዚህ ላይ ነው።

በ1919 የመጀመሪያ ልጁ ተወልዶ በሦስተኛው ቀን ሞተ። ቻፕሊን ብዙም ሳይቆይ አንድ ምስኪን የተጣለ ሕፃን አግኝቶ ሲያሳድግ የሚያሳየውን «ዘ ኪድ»ን መሥራት ጀመረ። (ስለ ሐዘኑ ብዙ አልተናገረም፤ ፊልሙን ያየ ግን የሚጠይቅ አይመስለንም።) ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ከሚስቱ ጋር ፍቺ ላይ ደረሱ፤ ጠበቆች ኔጋቲቩን በዕዳ ሊያስይዙ እንደሆነ ሰማ። አከፋፋዩ ፈርስት ናሽናል ደግሞ ይህን ትልቅ ፊልም እንደ ሦስት አጫጭር ፊልሞች ቆጥሮ ሊከፍለው ይፈልግ ነበር። ምን አደረገ? ኔጋቲቩን በቡና ጣሳዎች ከትቶ በሣጥን አሽጎ፣ ሠራተኞቹን ይዞ፣ በባቡር ወደ ሶልት ሌክ ሲቲ ጠፋ። ሆቴል ክፍል ውስጥ በር ዘግቶ አቀናበረው። የዚያ ዘመን ፊልም እንደ ቤንዚን የሚቀጣጠል ነገር ነው፤ ሆቴሉ ቢያውቅ በመስኮት ይወረውረው ነበር። በ1921 ፊልሙ ወጣ፤ ዓለም አለቀሰም ሳቀም።

እኛ ጣሳ አልነበረንም። አንድ ካሴት 30 ብር ነበር መሰለን። ፈረስ የሌለው ጋሪ ተከራይተን፣ ለባለጋሪው ምሳ ጋብዘን፣ ለጉልበት ሠራተኛ ሻይ ገዝተን፣ ካሴቱን ግን የቀራጩ ተጠቀምን። ይህን የጻፍነው ሰውየውን ልንከስ አይደለም። እሱ እሁድ ሰርግ ነበረው፤ ካሴት አለቀበት። የሌላ ሰው ዕቃ ላይ የተጻፈ ነገር እንዲህ ነው።

ስለ ቻፕሊን ሲወራ ሁሉም የሚጀምረው ባለ ብዙ ተሰጥዖነቱን በመቁጠር ነው። ይጽፋል፣ ያዘጋጃል፣ ይጫወታል፣ ያቀናብራል፣ ሙዚቃ ይደርሳል። የአዳማው ባለገንዘባችንም «እናንተ ሁሉን የምትሠሩ ልጆች ናችሁ» ብሎናል (አራት ሰው እንደ አሥር ሰው ሲሠራ ወጪ እንደሚቀንስ ገብቶታል)። እኛም ያኔ ቻርሊን እንመስላለን ብለን አራታችንም ሁሉን ልንሠራ ሞክረን ነበር። ውጤቱ አንድ ጋሪ ላይ አራት ዳይሬክተር ሆነ። ሰሞኑን ስናነብ የገባን ግን ሌላ ነው። ተሰጥዖ እኛ አገር ሞልቷል፤ አዳሚ ቱሉ መናኸሪያ ቆማችሁ ረዳቶቹ ተሳፋሪ ሲጠሩ ስሙ። ሰውየው ከሌላው የተለየበት የስቱዲዮው ቁልፍ ኪሱ ውስጥ መሆኑ ነው። «ዛሬ ቀልዱ አልመጣልኝም፤ ነገ» ማለት ይችል ነበር።

ምሳሌው «ሲቲ ላይትስ» ነው። ቀረጻው ከ1928 መጨረሻ እስከ 1930 መስከረም ፈጀ። ሌላው ሁሉ ድምፅ ያለው ፊልም ውስጥ ገብቶ ሳለ እሱ ንግግር የሌለው ፊልም ይሠራል። አንዲት ማየት የተሳናት አበባ ሻጭ ይህን የተቀዳደደ ሰው ሀብታም ነው ብላ መሳሳት አለባት። እንዴት? አታይም፤ እኛም አንሰማም። በዚህች በአንዲት ጥያቄ ላይ ተቀረቀረ። ያቺን ትዕይንት 342 ጊዜ ቀርጿታል ይባላል። ተዋናይቷን አባረረ፤ መልሶ ቀጠራት። ሠራተኛው ሥራ ፈትቶ ደመወዙን ይበላል፤ ከፋዩ ቻፕሊን ነው። በመጨረሻ መልሱ ተገኘ። ሰውየው መንገድ ለመሻገር በቆመ የሀብታም መኪና ውስጥ አልፎ ይወርድና በሩ ይዘጋል። ልጅቷ የበሩን ድምፅ ትሰማለች። አለቀ። ሁለት ሴኮንድ። ከመኪና የሚወርድ ሀብታም ነው!

የትኛው ፕሮዲውሰር ነው ለመኪና በር ይህን ያህል የሚጠብቃችሁ? እኛ ባለጋሪው ጋሪውን ሲስብ ጎማው ድንጋይ ላይ እንዲወጣና ተሳፋሪው እንዲንሸራተት ፈልገን ነበር። ሦስት ጊዜ ሞከርን። አልሆነም። ፀሐይ ልትገባ ስለነበር ትተነው አለፍን። በሕይወታችን የምንቆጭበት ድንጋይ ነው።

አሁን ወደ ገዛ ቤታችን የሚያስገባንን ፊልም እናምጣ፤ «ዘ ግሬት ዲክታተር»ን። በሒትለር ላይ እንደተሠራ ሁሉም ያውቃል፤ ቻፕሊን አምባገነኑን ሂንከልንም እሱን የሚመስለውን አይሁዳዊ ፀጉር አስተካካይንም ሆኖ ይጫወታል። እኛን ይዞ ያስቀረን ግን ሁለተኛው አምባገነን ነው። ስሙ ቤንዚኖ ናፓሎኒ ነው፤ ባክቴሪያ የምትባል አገር መሪ። ጃክ ኦኪ የተባለ ተዋናይ አገጩን ገትሮ፣ ደረቱን ነፍቶ ይጫወተዋል። ሙሶሊኒ ነው። የእኛው ሙሶሊኒ! ለጉብኝት ሲመጣ ባቡሩ ምንጣፉ ካለበት ቦታ ቆሞ አልገኝ ይላል፤ ወደፊት ይሄዳል፣ ወደኋላ ይመለሳል፣ ምንጣፍ የያዙት ወታደሮች ይሯሯጣሉ። ፀጉር ቤት ደግሞ ሁለቱ አምባገነኖች ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ አንዱ ከሌላው በላይ ለመሆን ወንበራቸውን ወደ ላይ ሲያስረዝሙ ጣሪያ ይደርሳሉ።

ዘመኑን ከእኛ ጋር አስተያዩት። «ሞደርን ታይምስ» የወጣው በጥር 1928 ዓ.ም. ነው፤ ሰሜን ላይ የጣሊያን አውሮፕላን መርዝ የሚያዘንብበት ወቅት። በመጋቢት ማይጨው ሆነ። በሰኔ ንጉሡ ጄኔቭ ሊናገሩ ሲቆሙ የጣሊያን ጋዜጠኞች አፏጩባቸው። ዓለም አይቶ ዝም አለ። «ዘ ግሬት ዲክታተር» መቀረጽ የጀመረው በ1939 መስከረም ነው፤ አርበኞች ሸዋና ጎጃም ጫካ ውስጥ ናቸው። ፊልሙ ኒው ዮርክ ላይ የወጣው በጥቅምት 1933 ዓ.ም. ሲሆን፣ ንጉሡ አዲስ አበባ የገቡት ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ነው። አሜሪካ ገና ጦርነቱ ውስጥ አልገባችም። ወደ 2 ሚሊዮን ዶላር የሚጠጋውን ወጪ ቻፕሊን ከኪሱ አወጣ። አለቃ ቢኖረው ኖሮ «ገበያ ያሳጣናል፤ ጣሊያን ፊልማችንን አትገዛም» ይለው ነበር፤ አለቃ አልነበረውም። ከእኛ የአንዳችን አያት አርበኛ ነበሩ። ሙሶሊኒ ወንበሩን ወደ ጣሪያ ሲያስረዝም ሳያዩ ነው ያለፉት። ለሐውልት ከሚዋጣው ገንዘብ ላይ ቀንሰን ፊልሙን ብናሳያቸው ኖሮ እያልን እንቆጫለን።

ኋላ ቻፕሊን የናዚ ካምፖችን ጉድ ያኔ ባውቅ ኖሮ በዚያ እብደት መቀለድ አልችልም ነበር ብሎ ጽፏል። በዚህም ላይ ተከራክረናል። አልተስማማንም።

ሰውየውን ቅዱስ ልናደርገው አይደለም። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ሚስቶቹ ሲያገቡት 16 ዓመታቸው ነበር። ተዋንያኑን ያሰቃያል፣ ይቆጣል። ይህን «ከሥር ነው» ብለን አናልፈውም።

በ1952 «ላይምላይት» የተባለ ፊልሙን ለማስመረቅ ወደ ለንደን በመርከብ ላይ ሳለ አሜሪካ የመመለሻ ፈቃዱን ሰረዘችበት። በኮሙኒስትነት ይጠረጠር ነበር። ስዊዘርላንድ፣ ጄኔቭ ሐይቅ ዳር ቤት ገዝቶ ተቀመጠ። ስቱዲዮውን ሸጠ። ፊልሞቹ ግን አብረውት ነበሩ። በ1921 ላወጣው «ዘ ኪድ» በ1971 ተቀምጦ ሙዚቃ ደረሰለት፤ 82 ዓመቱ ነበር። ጣሳ ውስጥ ከትቶ ያስመለጠውን ልጅ ከ50 ዓመት በኋላ አዲስ ልብስ አለበሰው። በ1977 በገና ዕለት ሞተ።

ወደ አገራችን ስንመለስ የሞከሩ አልጠፉም። ቴዎድሮስ ተሾመ «ቀዝቃዛ ወላፈን»ን ጽፎ አዘጋጅቶ ለሕዝብ ካቀረበ በኋላ ሴባስቶፖል ብሎ የራሱን ሲኒማ ቤት እስከ መክፈት ደርሷል። በ2007 አድማሱ ከበደ ያዘጋጀው «የወንዶች ጉዳይ» ሕዝቡን ሲያሰልፍ ደግሞ ፖስተሩ ሁሉ «አስቂኝ የፍቅር ፊልም» ሆነ። እኛ ያኔ ተሰልፈን ከገቡት ውስጥ ነን። ከሚከተለው ጎርፍ ብዙው ተረስቷል፤ በአንድ ወር ተቀርጾ በአንድ ወር የተረሳ ነው። ዛሬ ደግሞ ስልክ ያለው ሁሉ ካሜራ አለው፤ ካሴት የሚባል ችግር የለም። ግን ስልኩ የማን፣ አካውንቱ የማን፣ የይለፍ ቃሉን ማን ያውቀዋል ብትሉ እዚያው ሰርጉ ጋ ትመለሳላችሁ።

ትናንት ማታ አራታችን ተገናኝተን በሁለት መስመር ተስማማን። ገንዘብ ያወጣው ሰው ትርፉን ይውሰድ፤ አንደኛ፣ የሁሉም ምስል ቅጂ እኛ ጋ ይቀመጥ። ሁለተኛ፣ ያለቀውን ክፍል ያለ እኛ ፈቃድ ማንም አይቁረጥ፣ አይቀጥል። ስልክ ደውለን ነገርነው። «እናያለን» አለን። እናያለን ማለት እናንተም ታውቁታላችሁ። የእንፈርም ቡድን አሁንም ባይቀበለንም እንፈርም ባይ ነው። አንደኛው ልጅ ወልዷል፤ የቤት ኪራይ አለበት፤ የእሱ «እንፈርም» ከእኛ «አንፈርምም» ያነሰ ክብር የለውም።

ቅዳሜ አዳማ እንሄዳለን። ሃርድ ዲስክ ገዝተናል፤ ውሉ ሳይፈረም። የዛሬ ስንት ዓመት ዓሣ ሸጠው ካዋጡት ሁለቱ ናቸው ያመጡት።

ቢሳካም ባይሳካም የመጀመሪያው ክፍል ያው የባለጋሪው ታሪክ ነው፤ ድንጋዩም ይኖራል። የድሮው ባለጋሪያችን ጋሪውን ሸጦ ባጃጅ ገዝቷል። ስለዚህ ከአዳሚ ቱሉ እስከ መቂ ድረስ ለሁለት ሳምንት የሚያከራየን ባለጋሪ የምታውቁ ካላችሁ ንገሩን። ፈረሱ አያስፈልግም፤ ጠፍቷል።